የአርባው ቀን ሐራጅ

ዓባይነህ በሬውን እየጎተተ ግቢ ሲገባ ለቅሶ ሊደርስ የተቀመጠው ሰው ሁሉ ብድግ አለ። ለኪዳኑ አስከሬን እንኳ እንዲህ ፈጥኖ አልተነሣም ነበር።

«ወንድም ማለት እንዲህ ነው!» አሉ አንድ ሽማግሌ ከድንኳኑ ጥግ። «ሟቹን አላሳፈረም።»

«ሻኛውን እዩት እስቲ» አለ ሌላው፤ ዐይኑን ከሻኛው ላይ ሳያነሣ ምራቁን ዋጠ።

የኪዳኑ ሚስት እመቤት ሳሎኑ ወለል ላይ ከተነጠፈው ሰሌን ሳትነሣ በተከፈተው በር አሻግራ አየች። በሬው ጥሩ በሬ ነበር። ደረቱን ነፍቶ የሚራመደው ግን ዓባይነህ ነው። በሬውን የሚያስርበት ቦታ የሚፈልግ መስሎ ግቢውን ከዳር እስከ ዳር ዞረው። የሚዞረው ለበሬው ብሎ እንዳልሆነ እመቤት ታውቃለች። ባለፈው ሳምንት ሰው አላየኝም ብሎ ከአጥሩ እስከ በረንዳው በእርምጃ ሲለካ፣ ከንፈሩ እየተንቀሳቀሰ ሲቆጥር፣ ከመጋረጃው ጀርባ ሆና አይታዋለች። ሠላሳ ሁለት እርምጃ ነው። እሷም አብራው ቆጥራለች።

ቤቱ ከእንጅባራ ወደ ዳንግላ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ ከተማው አልቆ የድንች ማሳው ሊጀምር ሲል የተሠራ ባለ አራት ክፍል የብሎኬት ቤት ነው። ኪዳኑ የሠራው በብድር ነው። ለምን አራት ክፍል እንዳስፈለገው ማንም ቢጠይቀው አይመልስም ነበር። መልሱ የታላቅ ወንድሙ የዓባይነህ ቤት ሦስት ክፍል መሆኑ ነው። እመቤት «ሁለት ክፍል ይበቃናል፤ የቀረውን ቀስ እያልን እንቀጥላለን» ብትለው «አንቺ ስፌትሽን ስፊ» አላት። ሰፋች። እሱ ከአዘና ድንች እየጫነ ባሕር ዳር ሲመላለስ፣ እሷ የተማሪ ዩኒፎርምና የፈረስ ግላስ፣ ያን ፈረሰኞቹ በበዓል ቀን በፈረሳቸው ጀርባ ላይ የሚጥሉትን በቀለም ክር ያጌጠ ጨርቅ ስትሰፋ፣ ለአራት ዓመት አንድ ወር ሳያጓድሉ ከፈሉ። ከዚያ መንገዱ ይዘጋ ይከፈት ጀመር፤ ድንቹ ከመጋዘን ሳይወጣ አቆጠቆጠ። ከዚያ የኪዳኑ ኩላሊት ታመመ። ባሕር ዳር ሐኪም ቤት ተኝቶ በስልክ የሚጠይቃት «ዳማ ገብሱን በላ ወይ?» እያለ ነበር። ዳማ ፈረሱ ነው። ስለ ብድሩ አንድ ቀን አንሥቶ አያውቅም።

እመቤት ባሏን ትወደው ነበር። ትንቀውም ነበር። ከሞተ በኋላ ሰው ሁሉ መውደዷን ብቻ እንድታሳየው ፈልጎ አስቸገራት።

የሐራጁ ማስታወቂያ በራቸው ላይ የተለጠፈው ኪዳኑ በተቀበረ በዘጠነኛው ቀን ነው። ለጣፊው ከዳንግላ፣ ካበደራቸው የቁጠባና ብድር ማኅበር የተላከ ቀጭን ሰው ነበር። ወረቀቱን ለጥፎ ሲያበቃ እጁን በሱሪው ጠረገና ከለቅሶኞቹ መሐል ቁጭ ብሎ ንፍሮ በላ። «እግዜር ያጥናችሁ» ብሎ ሄደ።

በአሥራ ሁለተኛው ቀን እመቤት «ቤተ ክርስቲያን ልሳለም» ብላ ወጣችና ፍርድ ቤቱ በር ላይ፣ ዣንጥላ ሥር ጠረጴዛውን ዘርግቶ አቤቱታ ወደሚጽፈው ወደ አዝመራው ሄደች። አዝመራው ወረቀቷን ሁሉ ካገላበጠ በኋላ ብዕሩን ጆሮው ላይ ሰካ።

«ሕጉ አንዳንዴ ያዝናል» አላት። «ለተቸገረ ባለዕዳ የችሮታ ጊዜ የሚባል ነገር አለ። ዳኛዋ ካመነችበት ጊዜ ትሰጥሻለች። ዕዳው አይሰረዝም፤ ሐራጁ ግን ይቆማል።»

«ለዘላለም?»

«ለዘላለም የሚያቆም ዳኛ እዚህ ከተማ አልተመደበም፣ እትዬ። ብቻ በቀጠሮሽ ቀን ቅረቢ። ካልቀረብሽ መዝገቡ ይዘጋል፤ መዝገቡ ከተዘጋ በማግሥቱ ቤትሽ ይሸጣል።»

ቀጠሮው ጥር አሥራ ዘጠኝ፣ ማክሰኞ ሦስት ሰዓት ሆነ። ሐራጁ የሚውለው በማግሥቱ ነው። እመቤት ቤት ገብታ በጣቷ ብትቆጥር ቀጠሮው ከኪዳኑ አርባ ጋር ገጠመ። መጀመሪያ ብዙም አልከፋትም። ቄሱ «ጸሎቱ በቀኑ ይደረስ፤ ድግሱ ለእሑድ ቢተላለፍም ምንም አይደል» ብለው ነበርና። ዓባይነህ ስለ ቀጠሮው የሰማ ዕለት ግን ነገሩ ሌላ መልክ ያዘ። ድግሱ በቀኑ፣ በማክሰኞው ካልሆነ ሞቼ እገኛለሁ አለ። ያንኑ ዕለት ይህን በሬ ገዛ፤ በጥርባም፣ በዘንገናም፣ በአዘናም ላሉ ፈረሰኞች ሁሉ ሰው ላከ። ኪዳኑ የፈረሰኞቹ ማኅበር አባል ነበርና ፈረሰኛ ሳይሰበሰብ አርባው አይወጣም ተባለ።

አሁን በሬውን አስሮ ገባና ከሰሌኑ አጠገብ በርጩማ ስቦ ተቀመጠ። ሚስቱ ውዴም ከኋላው ቆመች።

«ፍርድ ቤት ሄድሽ አሉ» አለ።

«ሄድኩ።»

«አርባው ሳይወጣ?»

«ማስታወቂያውም አርባው ሳይወጣ ነው የተለጠፈው፣ ጋሼ።»

«እሱ መሥሪያ ቤት ነው። አንቺ የሰው ሚስት ነሽ።» ጉሮሮውን ጠረገ። «ይሁን፣ አንዴ ሆኗል። ማክሰኞ አንቺ ሐዘንሽ ላይ ትቀመጫለሽ። ችሎቱን እኔ እቀርብልሻለሁ።»

«ውክልና የለዎትም።»

«የወንድሜ ቤት ነው! ምን ውክልና ያሻኛል?»

«ዳኛዋ የምትጠይቀው ወረቀት ነው፤ ወንድምነት አይደለም።»

ውዴ ጎንበስ ብላ ትከሻዋን ዳበሰቻት። «እሱ እኮ ለአንቺው ብሎ ነው። ቤቱ እንደሆነ መሸጡ አይቀር፤ ለባዕድ ከሚሄድ እሱ ቢያነሣው ለልጆቹስ አይሻልም? አንቺንም ከኋላ ያለችዋን ክፍል ማን ይከለክልሻል?»

«ከኋላ ያለችዋ ኩሽና ናት።»

«ትታደሳለቻ!» አለች ውዴ።

ጥግ ላይ መቁጠሪያቸውን ይዘው የተቀመጡት የሟችና የዓባይነህ እናት፣ እማሆይ የሻረግ፣ ቀና ሳይሉ አንድ ነገር በአዊኛ ተናገሩ። የዓባይነህ ፊት ቀላ። እመቤት ከደጋ ዳሞት መጥታ በዚህ አገር ዐሥራ ስድስት ዓመት ኖራለች። አዊኛ መናገሩ ያቅታታል እንጂ ስድቡ ይገባታል። እማሆይ ያሉት «የአባትህም ከንፈር የሰው መሬት ሲለካ እንዲሁ ይንቀሳቀስ ነበር» ነው።

ከዚያ ቀን በኋላ እመቤት ውዴን ባየቻት ቁጥር ያቺ የምትታደሰው ኩሽና ትዝ ትላታለች። ከማልቀስ ያዳናትም ይኸው ነው። ሰው እየናቀ ማልቀስ አይችልም።

ማክሰኞ ሌሊቱ ሲነጋ ሣሩ ላይ ውርጭ ነበረ። ጸሎቱ ላይ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ቆመች። ከቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ሲወጡ ሴቶቹ ወደ ቤት ዞሩ፤ እሷ ቆማ ባጃጅ አስቆመች።

«ወዴት ነው?» አለች ውዴ።

«ሦስት ሰዓት ሊሞላ ነው።»

«እንዴ! አገሩ ሁሉ እየመጣ? ሐዘንተኛዋ የታለች ቢሉን ምን እንመልሳለን?»

«ኩሽናውን እያሳደሰች ነው በያቸው» አለችና ባጃጁ ውስጥ ገባች።

ችሎቱ ጠባብ ነበር። ዳኛዋ ወጣት ናት፤ ከፊቷ ያለው የመዝገብ ክምር እስከ አገጯ ይደርሳል። ማኅበሩን ወክሎ የመጣው ብሥራት የሚባል ሥራ አስኪያጅ ነው። በጧቱ ሚኒባስ ከዳንግላ መጥቶ የቆዳ ጃኬቱን አቧራ እያራገፈ ነበር። እመቤትን ሲያያት እጁን ደረቱ ላይ አደረገና «በጣም ነው ያዘንኩት» አለ። ዳኛዋ ስትጠይቀውም በየዐረፍተ ነገሩ መጀመሪያ እንደገና አዘነ።

«ማኅበራችን በሐዘኑ ከቤተሰቡ ጎን ነው፣ ክብርት ዳኛ። ይሁን እንጂ ገንዘቡ የአባላት ነው። ከልብ እናዝናለን፤ ይሁን እንጂ ሦስት ወር ሙሉ አልተከፈለም።»

«በምን ይከፍላሉ?» አለች ዳኛዋ ወደ እመቤት ዞራ።

«በስፌት። የፊቶቹን ሁለት ክፍሎች ደግሞ አከራያለሁ።» ከነጠላዋ ሥር የታጠፈ ወረቀት አወጣች። «ዩኒቨርሲቲው የሚያስተምሩ ሁለት ሰዎች ፈርመውልኛል። እኔና ልጆቼ በሁለቱ እንኖራለን። ቀድሞም ሁለት ይበቃን ነበር።»

ዳኛዋ ወረቀቱን አነበበች። «ለነገው ሐራጅ የተመዘገበ ተጫራች አለ?» ብላ ብሥራትን ጠየቀችው።

«አንድ ሰው አለ። አቶ ዓባይነህ ይባላል።»

«ለሟች ምናቸው ነው?»

ብሥራት ለመጀመሪያ ጊዜ ማዘኑን ረሳ። «ወንድማቸው... መሰለኝ።»

«ወንድሙ ነው» አለች እመቤት። «ዛሬ እዚህ መቅረብ አልተመቸውም። የወንድሙን ተዝካር እያበላ ነው።»

ዳኛዋ ብዕሯን አስቀመጠች። ከዚያ ትዕዛዙን ለጸሐፊዋ ዝግ ብላ አስጻፈች። የስድስት ወር የችሮታ ጊዜ ተፈቅዷል። እስከዚያ ሐራጁ ታግዷል። ይሁን እንጂ ያልተከፈለው የሦስት ወር ዕዳ፣ ስልሳ ሺህ ብር፣ ዛሬ እስከ ዐሥራ አንድ ሰዓት ለፍርድ ቤቱ መዝገብ ቤት ገቢ መደረግ አለበት። ገቢ ካልሆነ እግዱ ቀሪ ይሆናል፤ ሐራጁም ነገ ጧት ይካሄዳል።

«ዛሬ?» አለች እመቤት።

«ሐራጁ ነገ ነው፣ እናቴ። ባዶ እጄን ላግደው አልችልም።» በዳኛዋ ድምፅ ላይ ትንሽ እፍረት ነበረ። እመቤት ያን ዕለት ያልናቀችው ሰው ቢኖር እሷን ነው።

ውጭ አዝመራው ዣንጥላው ሥር ሆኖ ትዕዛዙን አነበበ። «እንኳን ደስ አለሽ» አለ። መጨረሻው ላይ ሲደርስ «ኧረ አይደለም» አለ። «ስልሳ ሺህ ብር በአንድ ቀን ከየት ታመጫለሽ?»

«ስልሳ ሺህ የሚያወጣው በሬ ጧት ታርዷል» አለች።

አዝመራው ሊስቅ ፈልጎ ፊቷን አየና ተወው። ይህን ጊዜ ከዘንገና በኩል በአስፋልቱ ዳር የፈረሰኞች ጭፍራ መጣ። ሃያ ይሆናሉ። ነጭ ጋቢ ለብሰው፣ ዘንግ ይዘው፣ ወደ ኪዳኑ አርባ ይሄዳሉ። ግማሾቹ ግላሶች እመቤት የሰፋቻቸው ናቸው፤ ስፌቷን ከሩቅ ታውቀዋለች። ጥር ሃያ ሦስት፣ ፈረሰኛው ሁሉ ለጉግስ የሚወጣበት የዓመቱ በዓል ሊደርስ የቀረው አራት ቀን ነው። በዚህ ሳምንት በአገው ምድር ጥሩ ፈረስ የማይመኝ ወንድ አልተወለደም። እነዚህም ገበያ ሄደው ደላላ ሲለምኑ የሰነበቱ ናቸው።

እመቤት ጭፍራውን በዐይኗ ሸኘችው። ዓባይነህ የዳማን ገዢዎች ከየአገሩ ጠርቶ፣ ሥጋ አብልቶ፣ ጠላ አጠጥቶ፣ በሯ ድረስ አምጥቶላታል። አድርጎላት የማያውቀው ውለታ ነው፤ ባያውቀውም ውለታ ነው።

ቤት ስትደርስ ስድስት ሰዓት አልፏል። ድንኳኑ ሞልቶ ተርፎ ሰው አጥር ሥር ተቀምጧል። የሚያለቅስ አልነበረም። የወጡ ሽታ፣ የጠላው ጫጫታ፣ «እዚህ ጋ ጨምሩ» የሚል ድምፅ ነበር። የኪዳኑን መልክ በቅጡ የማያውቅ አንድ ሰውዬ አጥንት እየጋጠ «አይ ኪዳኑ፣ ደግ ሰው ነበር» ሲል ሰማችው። ኪዳኑ ደግ አልነበረም። ኩሩ ነበር፣ ሳቂታ ነበር፣ ገንዘብ በእጁ አይቆይም ነበር። እንዲህ አድርጎ የሚያስታውሰው አንድ ሰው እንኳ ቢገኝ አጠገቡ ትቀመጥ ነበር።

ከቤቱ ጎን ባለው የገብስ ገለባ ሜዳ ላይ ፈረሰኞቹ ክብ ሠርተው ቆመዋል። እንደ ልማዱ የሟቹ ፈረስ ኮርቻው ባዶውን፣ የሟቹ ጋቢ ተጥሎበት፣ ሦስት ጊዜ በክቡ ውስጥ ይዞራል። ልጓሙን ይዞ የሚያዞረው የቅርብ ዘመድ ነው። ዓባይነህ ቡናማውን ፈረስ ዳማን ይዞ ነበር። ከልጅነቱ ጀምሮ ፈረስ ይፈራል፤ ልጓሙን በተዘረጋ ክንዱ፣ ትኩስ ድስት እንደያዘ ሰው፣ ከሰውነቱ አርቆ ይዞታል። ዳማ አንዴ ሲያናፍጥ እሱ ወደ ጎን ዘለለ።

እመቤት ክቡን ሰንጥቃ ገባች። ሰዉ ልታለቅስ የመጣች መስሎት መንገድ ለቀቀላት፤ ሁለት ሴቶችም ሊያግዟት ጉሮሯቸውን አዘጋጁ።

ልጓሙን ከዓባይነህ እጅ ወሰደች። እሱም መገላገሉ ደስ ብሎት ለቀቀ። ሦስቱን ዙር ዝም ብላ አዞረችው። የኪዳኑን ጋቢ ከኮርቻው ላይ አንሥታ ትከሻዋ ላይ ጣለች። ግላሱን ፈታ አጠፈችና ብብቷ ውስጥ ያዘችው። ከዚያ መሐል ላይ ቆመች።

«ይህን ፈረስ እሸጣለሁ» አለች። «አሁን፣ እዚሁ። ከፍ ያለ ዋጋ ለሰጠ።»

አንድ ሰው ጠላ ትን አለው።

«ምን አለች?» አሉ አንድ ሽማግሌ።

«ፈረሱን እሸጣለሁ አለች።»

«በአርባው ቀን? ነውር ነው! ነውር!»

«ነውር ነው?» አለች እመቤት ወደ ሽማግሌው ዞራ። «ነገ ጧት እዚሁ ግቢ ቤቱ በሐራጅ ይሸጣል። ማስታወቂያው በሩ ላይ ተለጥፏል፤ እርስዎም ሥሩ ተቀምጠው ነው ሲበሉ የሰነበቱት። ያኔ ነውር ያለ አልሰማሁም። ጋሼ ዓባይነህ ነገ ቤቱን ሊገዛ ዛሬ ሥጋ አብልቷችኋል። እኔ የማበላው የለኝም፤ የምሸጠው ግን አለኝ።»

በክቡ የቆሙት ፈረሰኞች ዓባይነህን ያዩት ጀመር።

«ውሸቷን ነው!» አለ ዓባይነህ። «አዝናለች፤ አእምሮዋ አይደለም። ፈረሱ ደግሞ የዘር ፈረስ ነው፤ የእኛ ቤት ፈረስ ነው። አንቺ ልትሸጪው አትችይም!»

«ይችን ነገር ተዋት» አሉ እማሆይ የሻረግ ከሴቶቹ መሐል እየተነሡ። ሁልጊዜ ሲቆጡ አዊኛ ነው የሚናገሩት። አሁን ግን ሁሉም እንዲሰማ በአማርኛ ነበር። «ፈረሱ የእሷ ነው። ሲገዛ አብሬ ነበርኩ። አምስት ዓመት ገብሱን ያቀረበችው እሷ ናት። አንተ አንድ ቀን ጭድ አላቀመስከውም። ቁጭ በል።»

ዓባይነህ አልተቀመጠም።

«አርባ ሺህ» የሚል ድምፅ መጣ። ይኸነው የሚባል የጥርባ ፈረሰኛ ነው። ራሱን እንደ ሌባ ዝቅ አድርጎ ነበር የተናገረው።

«አርባ አምስት» አለ ከአዘና የመጣው ወገኔ። ወገኔ ትልቅ አፍና ትንሽ ኪስ ያለው ሰው ነው፤ ከፈረሱ ላይ ሳይወርድ ነበር።

«ሐምሳ።»

«ሐምሳ አምስት» አለ ወገኔ። «ጥርሱን ላየው አልፈልግም፤ አምስት ዓመት ከኋላው ስሮጥ የማውቀው ጭራውን ነው።»

ሰዉ ሳቀ። መጀመሪያ የሳቁት ሰዎች ተሸማቀው ነበር፤ ቀጥለው የሳቁት ግን ተዝካር ላይ መሆናቸውን ረሱ። ይኸነው ራሱን ነቅንቆ ወጣ።

«ስልሳ» አለ ወገኔ፤ የሚከተለው ሳይኖር በራሱ ላይ ጨመረ። «ለኪዳኑ ነፍስ ስል።»

ስልሳ ደረሰ። እመቤት እዚህ ላይ ልታቆመው ትችል ነበር። ይልቁንም ዝም ብላ ዓባይነህን አየችው። ወገኔም ዕይታዋን ተከትሎ አየው።

«እንግዲህ ጥር ሃያ ሦስት» አለ ወገኔ ለጓደኞቹ ድምፁን ከፍ አድርጎ «የኪዳኑን ዳማ እኔ ስጋልበው ወንድምየው አጥር ተደግፎ ያጨበጭብልኛል። ሲበቃው ደግሞ የኪዳኑን ቤት ገብቶ ይተኛል። አይ ዓባይነህ፣ ተሳክቶልሃል!»

«ሰባ!» አለ ዓባይነህ።

«ኧረ?» አለ ወገኔ። «ሰባ አምስት።»

«ሰማንያ አምስት!» ዓባይነህ ጮኸ። አንገቱ ላይ ያለው ሥር ተገተረ። «ሰማንያ አምስት! የወንድሜን ፈረስ አዘናዎች አይነዱትም!»

ወገኔ ዘንጉን ትከሻው ላይ አስተካክሎ ሳቀ። «ይባረክልህ» አለ።

ቆይቶ፣ ገበያ ላይ ሲያገኛት፣ ያን ቀን በኪሱ አራት መቶ ብር ብቻ እንደነበረው ነግሯታል።

«ብሩን ነገ እሰጥሻለሁ» አለ ዓባይነህ።

«ነገ ሐራጅ አለብኝ» አለች እመቤት። «አሁን።»

በስልኩ ሊልክላት ሞከረ፤ ኔትወርክ የለም። ስልኩን ወደ ሰማይ ከፍ አድርጎ በገለባው ላይ ወዲያና ወዲህ ሲል ፈረሰኛው ሁሉ፣ ፈረሱም ጭምር፣ ያየው ነበር። መጨረሻ አንድ ባጃጅ ውስጥ ሁለቱም ገቡና ባንክ ሄዱ። ባንኩ መስኮት ላይ ለነገው ጨረታ ብሎ ከሰበሰበው ሒሳብ ሰማንያ አምስቱን ሺህ አወጣ።

«ወንድሜን አዋርደሽዋል» አላት ብሩን ሲሰጣት።

ዐሥራ ስድስት ዓመት ሙሉ አንቱ ያለችውን ሰው ከእግሩ እስከ ራሱ አየችው።

«አንተ ሰውዬ» አለች «ወንድምህ ዋጋህን ያውቅ ነበር። እኔ ነኝ ዛሬ ሰማንያ አምስት መሆኑን የሰማሁት።»

ዐሥር ተኩል ላይ የመዝገብ ቤቷ ጸሐፊ ደረሰኙ ላይ ማኅተሙን አሳረፈች። እመቤት ደረሰኙን አጥፋ ከግላሱ ጋር አንድ ላይ ያዘችው። ወደ ቤት ስትመለስ ድግሱ አልቆ ሴቶቹ ሰሃን ያጥባሉ። ማንም አላናገራትም። እማሆይ ብቻ አጠገባቸው ያለውን ሰሌን መታ መታ አደረጉና አስቀመጧት።

በማግሥቱ ጧት ማስታወቂያውን ሊነቅል የመጣው ያው ቀጭን ሰው ነው። ነቅሎ ሲያበቃ ሙጫው ቀለሙን ይዞት እንደመጣ አየ። ወደ ውስጥ አንገቱን አስግጎ «ለቅሶው አበቃ እንዴ?» አለ።

«ንፍሮው አብቅቷል» አለችው።

ጥር ሃያ ሦስት ጧት ዓባይነህ ዳማን እየጎተተ መጣ። ሊጋልብለት የተስማማ ጎረምሳ ሜዳው ላይ እየጠበቀው ነው። እመቤት በረንዳው ላይ ዩኒፎርም ትሰፋለች፤ የፊቶቹን ክፍሎች ተከራዮቹ ሊይዙ ዕቃ አወጣጥታለች።

«ግላሱን ስጪኝ» አለ ዓባይነህ።

«የተጫረቱት ፈረስ ነው።»

«ኮርቻው ራቁቱን ነው! እንዲህ አድርጌ ሰው መሐል ይዤው ልወጣ?»

«ግላስ ያሰፉኛል፤ ሥራዬ ነው። ከፊትዎ አርባ ዩኒፎርም አለ። ተራዎን ይጠብቁ።» እንደገና አንቱ ብላዋለች። አሁን ደንበኛ ነው።

ዓባይነህ ሊመልስላት አፉን ከፈተ። ዳማ ግን ልጓሙን ከእጁ መንጭቆ ግቢውን አቋረጠና ከበረንዳው አምድ አጠገብ፣ ኪዳኑ ሁልጊዜ በሚያስርበት ቦታ፣ ቆመ። ዓባይነህ ጎተተው፤ አልሄደም። ገፋው፤ አልሄደም። «እንሂድ!» ብሎ ጮኸበት፤ ጆሮውን እንኳ አላዞረለትም።

እመቤት ከማሽኗ ተነሣች። የፈረሱን አንገት አንዴ አሸችና ልጓሙን ይዛ እስከ አጥሩ በር ድረስ ሸኘችው። በሩ ላይ ለዓባይነህ አስረከበችው። ዳማ ሁለት ጊዜ ዞሮ አየ፤ ሦስተኛ አልዞረም።

ተመልሳ ወንበሯ ላይ ተቀመጠች። ግላሱ ከማሽኑ ሥር ባለው መሳቢያ ውስጥ ነው። ልታወጣው አላሰበችም ነበር፤ አወጣችው። የፈረስ ላብ ይሸታል፣ ገብስ ይሸታል፣ ከጫፉ ላይ ደግሞ ኪዳኑ እጁን እየጠረገበት የተወው የዘይት ምልክት አለ። «በዚህ እጅህን አትጥረግ» ስትለው በኖረችው ነገር ላይ ፊቷን ደፋች። አርባ ቀን ሙሉ ከዚያ ሁሉ በላተኛ ፊት አንዲት ጠብታ እንባ ያላወጣችው ሴት አሁን እግሯን ከማሽኑ መርገጫ ላይ አውርዳ አለቀሰች።

ከሜዳው በኩል የፈረሰኛው ፉከራ ይሰማ ጀመር። ቀና አለች። ፊቷን ያበሰችው በነጠላዋ ነው፤ በግላሱ አይደለም። ግላሱን አጥፋ መሳቢያው ውስጥ መለሰችውና የሚቀጥለውን እጅጌ መርፌው ሥር አስገባች። ስድስቱ ወር ከጀመረ አራት ቀን ሆኖታል።